ያለ ሞዴል 22

34 ዓመት የመንግሥት ዕቃ ግምጃ ቤት ሠርቼ ጡረታ የወጣሁ ሰው ነኝ። በእጄ ያላለፈ ዕቃ የለም፤ ሚስማር፣ የመኪና ጎማ፣ የጽሕፈት መኪና፣ የሞተ ጄኔሬተር፣ አንድ ጊዜም ማን እንዳዘዘው እስከ ዛሬ ያልታወቀ 60 ካርቶን ጠመኔ። ሁሉም በሞዴል 19 ገባ፣ በሞዴል 22 ወጣ። ቢን ካርዱ ላይ ያለው ቁጥርና መደርደሪያው ላይ ያለው ዕቃ ካልተስማማ የሰኔ 30 ቆጠራ የሚቆጥረው እኔን ነው። ሞዴል 22 ሳይቆረጥለት ከግምጃ ቤት የወጣ ዕቃ ስሙ አንድ ነው፤ በዚህ ዕድሜዬ አፌን አላበላሽም።

ታዲያ ባለፈው ቅዳሜ ጠዋት፣ እዚሁ ጎፋ፣ ከገዛ ሳሎኔ 41 ጌም ያለ ሞዴል 22 ወጣ።

ወጣ ማለቴም ልክ አይደለም፤ የሚያቃጥለውም እሱ ነው። ሥዕሎቹ እንዳሉ ቴሌቪዥኑ ላይ ተደርድረዋል። ኳሱ አለ፣ መኪናው አለ፣ ጎራዴ ይዞ ከጣሪያ ጣሪያ የሚዘለው ሰውዬ አለ። ግን በእያንዳንዱ ሥዕል ጥግ ላይ አንዲት ትንሽ ጓጉንቸር ተንጠልጥላለች። በገዛ ቤቴ፣ እኔ ያልገዛሁት ጓጉንቸር!

«ማነው የቆለፈው?» አልኩ።

«ሰብስክሪፕሽኑ አልቆ ነው አባባ» አለ የልጅ ልጄ፣ ዳቦውን እየገመጠ። 12 ዓመቱ ነው። ቤት የተዘረፈበት ሰው አይመስልም።

የጌም ማሽኑ የመጣው ከሁለት ዓመት በፊት ነው። አሜሪካ ያለችው ልጄ በሰው ሻንጣ ላከችው፤ በርበሬና ሽሮ ሄደ፣ ማሽን መጣ። የየወሩን ክፍያም እሷው በዶላር ትከፍላለች። እሷ እስከከፈለች ድረስ በየወሩ አንድ ሁለት ጌም ይጨመራል፤ ውሪው አንድ ነገር ይጫንና «አባባ፣ ይሄም የኛ ሆነ» ይላል። ምን ብሎ ነው የኛ የሆነው ስለው «ላይብረሪህ ውስጥ ገብቷል ይላል» አለኝ። ገብቷል ከተባለ እኔ ዝም አልልም። ባለ መስመር ደብተር አወጣሁ፤ ተራ ቁጥር፣ የዕቃው ዓይነት፣ ብዛት፣ የገባበት ቀን፣ የተረካቢ ፊርማ። ውሪው እየሳቀ 41 ጊዜ ፈረመ። ዛሬ ደብተሩ 41 ይላል፣ ቆጠራው ዜሮ። በእኛ ጊዜ ቢሆን ኮሚቴ ይቋቋም ነበር።

ላይብረሪ ማለታቸው ደግሞ! ላይብረሪማ እኔም አውቃለሁ። በወጣትነቴ ወመዘክር ገብቼ ስንት ቀን ውዬአለሁ። ወመዘክር መጽሐፉን ሲሰጠኝ «ያንተ ሆነ» ብሎኝ አያውቅም። አንብብ፣ መልስ፣ ውጣ። ተግባባን።

የሆነው ነገር ሲጣራ እንዲህ ነው። የልጄ የባንክ ካርድ ጊዜው አልፎበታል። ማሽኑ ገንዘቡን ሊወስድ እጁን ዘረጋ፣ አጣ፣ ቆለፈ። አንድ ሰው ደውሎ «እመቤቴ፣ ምን ገጠመዎ?» አላለም። ለእኛ ቢነግሩን ኖሮስ? እኛማ የመዝገቡ ሰዎች አይደለንም። ውሪው ሂሳቡን የከፈተ ዕለት ሀገር ምረጥ ሲለው ኢትዮጵያ ዝርዝሩ ውስጥ ስላልነበረች የአክስቱን አድራሻ ሞላ። ስለዚህ ልጁ ጎፋ ተቀምጦ፣ የጎፋን ውኃ በፈረቃ እየጠበቀ፣ በወረቀት የአሜሪካ ነዋሪ ነው። ሌላው ስንት ዓመት ዲቪ ይሞላል፤ ለእሱ ቁርስ ሳይበላ ደረሰው።

«ጌሞቹ አሁን የት ናቸው?» አልኩት።

«ክላውድ ላይ።»

ደመና ላይ! አንዳንዴ ጥፋቱ የክፍለ ከተማችን ስም ነው እላለሁ። ነፋስ ስልክ የተባለው ድሮ ያለ ሽቦ በሚሠራው የሬዲዮ ቴሌግራፍ ጣቢያ ምክንያት ነው ይባላል፤ ሰው ሽቦ ሲያጣበት በነፋስ ነው የሚያወራው ብሎ ስም አወጣለት። ያን ጊዜ በነፋስ የሚሄደው ወሬ ብቻ ነበር። አሁን ንብረቱም ተሳፈረ።

ልመዱት ነው የሚሉን። በጥር 2016 የፈረንሳዩ ጌም ሠሪ የዩቢሶፍት የሰብስክሪፕሽን ኃላፊ ፊሊፕ ትሬምብሌይ፣ ይህ አሠራር እንዲስፋፋ ተጫዋቾች ጌም የራሳቸው አለመሆኑን መልመድ ይኖርባቸዋል የሚል ሐሳብ ሰንዝረው ዓለም ተንጫጫባቸው። እኔን ነው የሚያለምዱኝ? አዋጅ 47/1967 የከተማ ትርፍ ቤት ሲወርስ የ21 ዓመት ጎረምሳ ነበርኩ፤ ትዳር ከያዝኩ ጀምሮ የምኖረው በቀበሌ ቤት ነው። በ1997 ለኮንዶሚኒየም ተመዘገብኩ፣ ዕጣው ለጎረቤቴ ወጣ፣ እልል ብዬ ሸኘሁት። የራስ ባልሆነ ነገር ውስጥ መኖርን የፈረንሳይ ኩባንያ መጥቶ አያስተምረኝም። በዚህ ሙያ እኔ መምህር ነኝ፣ እነሱ ተማሪ።

መሬቱንም ተዉት። ሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 40 ላይ መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ነው፣ አይሸጥም አይለወጥም ብሎ ዘግቶታል። ከተማ ላይ በሊዝ ነው የሚያዘው፤ በ2004 የወጣው የሊዝ አዋጅ ለመኖሪያ ቤት 99 ዓመት ሰጥቷል። ለመሬት 99 ዓመት፣ ለጌም 30 ቀን! ቢሆንም ሊዝ ጨዋነት አለው። ዘመኑ ውሉ ላይ ተጽፏል፤ «ያንተ ሆነ» ብሎ አያታልልህም። ደግሞ ያው አንቀጽ 40 ንዑስ አንቀጽ 7 ላይ፣ መሬቱ ያንተ ባይሆንም በጉልበትህና በገንዘብህ በላዩ የገነባኸው ያንተ ነው ይላል፤ የመጠቀም መብትህ ሲቋረጥ ንብረትህን ታነሳለህ፣ ወይ ታዛውራለህ፣ ወይ ካሳ ትጠይቅበታለህ። መሬቱ ሌላ፣ ቤቱ ሌላ።

የእኔ ጉዳይ የሚመጣው እዚህ ላይ ነው። የልጁ ጉዳይ ማለቴ ነው።

እሺ። የእኔ።

ከ41ዱ አንዱ የእርሻ ጌም ነው። በክረምቱ ዝናብ ቤት ውስጥ ተዘግተን ውሪው አጨዋወቱን አሳየኝ። እኔ ከመንዝ የወጣሁት በ14 ዓመቴ ነው፤ ከዚያ ወዲህ የራሴ የምላት አንዲት ላም ኖራኝ አታውቅም። ጎፋ ላይ ላም የት ትታሰራለች? ከቆጣሪው ሥር? እዚያ ግን በረት ሠራሁ። አጥር አጠርኩ፣ ሣር አጭጄ ከመርኩ፣ በሁለት ላም ጀምሬ 11 አደረስኩ። እርግጥ የሰው ሀገር ከብት ናቸው፤ ሻኛ እንኳ የላቸውም፣ ጀርባቸው እንደ ጠረጴዛ ልሙጥ ነው። መጀመሪያ አይቼ አፈርኩላቸው። ኋላ ለመድኳቸው። ቀይዋን ወይኒት አልኳት፤ ውሪው ስሟን በፈረንጅ ፊደል ጻፈላት፣ ምክንያቱም ማሽኑ የእኛን አያውቅም። ማታ ማታ ቤቱ ሲተኛ ድምፁን አጥፍቼ አልባቸው ነበር።

አሁን ላሞቹ የት እንዳሉ ታውቃላችሁ? እዚሁ ናቸው። ሌላው ደመና ላይ ይሁን አይሁን፣ ሴቭ ያደረግኩት አልጠፋም ይላል ውሪው፤ እዚያ ጥቁር ሳጥን ውስጥ፣ ከቴሌቪዥኑ ሥር ነው ያለው። የማይከፈተው በሩ ነው። በረቱ በእኔ ቤት፣ መብራቱን የምከፍለው እኔ፣ ቁልፉ በማላውቀው ሀገር።

ይህን ለእድራችን ጸሐፊ ባጫውተው ሳቀብኝ። «እድርስ የወር መዋጮ አይደለም እንዴ? ካልከፈልክ ድንኳኑም ወንበሩም ድስቱም ቀረ» አለኝ፤ የረታኝ መስሎት። አያ! እድር ሲዘገይብህ መጀመሪያ መልእክተኛ ይልካል፣ ከዚያ ይቀጣል፣ ከዚያ በጉባኤ ስምህን አንብቦ ያሳፍርሃል፤ ከዚያ ነው የሚሰርዝህ። ሁሉም ይቅር፤ እድር ከተሰረዝክ በኋላ፣ ስትከፍል ሳለህ የቀበረልህን አስከሬን ቆፍሮ አያወጣም። ጸሐፊው ዝም አለ። ይህን ነጥብ በሚቀጥለው ስብሰባ ደግሜ የማንሳት ሐሳብ አለኝ።

ብቻዬን ያበድኩ እንዳይመስላችሁ። «ዘ ክሩ» የሚባል የመኪና እሽቅድምድም ጌም ነበር፤ ያው ዩቢሶፍት በፈረንጆቹ 2014 ያወጣው። ይህኛው የወር ኪራይ እንኳ አልነበረም፤ ሰው ሙሉ ዋጋ ከፍሎ፣ አንዳንዱም ዲስኩን በእጁ ይዞ የገዛው ነው። መጋቢት 22 ቀን 2016 ሰርቨሩን ዘጉት፣ ከዚያ በኋላ ዲስኩ ለቡና ስኒ ማስቀመጫ ካልሆነ ለምንም አይሆንም። ቀኑ 22 መሆኑ ይገርመኛል፤ ሞዴል 22 ግን አልቆረጡም። ሮስ ስኮት የሚባል አሜሪካዊ በዚህ ተናዶ «ጌም መግደል ይቁም» የሚል ዘመቻ አስነሳ፤ አውሮፓ ላይ ከ1 ሚሊዮን በላይ ፊርማ ተሰበሰበ። ካሊፎርኒያ ደግሞ ከታኅሣሥ 2017 መጨረሻ ጀምሮ፣ ሻጩ የሚሰጥህ ሊነሳ የሚችል ፈቃድ ብቻ ሆኖ ሳለ ይህን በግልጽ ሳይነግርህ «ግዛ» የሚል ቃል እንዳይጠቀም በሕግ ከለከለች። እኔ የምለው ይህንኑ ነው! ኪራይ ነውር የለበትም። ነውሩ ተከራይን ባለቤት ብሎ መጥራት ነው።

መጽሐፍም አልተረፈም። በሐምሌ 2001 አማዞን ሰው ገዝቶ ኪንድል በሚባለው ማንበቢያው ውስጥ ያስቀመጠውን የጆርጅ ኦርዌልን «1984» በርቀት ሰረዘው። ያቀረበው ሰው የመሸጥ መብት አልነበረውም ነው ምክንያቱ፤ ገንዘቡን መልሰዋል፣ ጄፍ ቤዞስም ይቅርታ ጠይቀዋል። መልካም። እኔ ግን ከአሮጌ መጽሐፍ ነጋዴ የገዛሁትን መጽሐፍ ያለ እኔ ፈቃድ ሊሰርዝብኝ የሚችለው አይጥ ብቻ ነው፣ እሱም ደጅ ቆሞ አይደለም።

ኪራይ እንዴት እንደሚሠራ ማየት የፈለገ እኛ መንገድ ላይ ያለው ጌም ቤት ይግባ። ቆርቆሮ ቤት ነው፣ አግዳሚ ወንበር፣ ሁለት ቴሌቪዥን፣ የላብ ሽታ። ሁለት ግማሽ ትጫወታለህ፣ የተሸነፈ ይከፍላል፣ ቀጣይ! ባለቤቱ ጎረምሳ «ይህ ጌም ላይብረሪህ ውስጥ ገብቷል» ብሎ ማንንም አሞኝቶ አያውቅም። ከሱ በፊትም መታወቂያ አስይዘን ቪዲዮ ካሴት እንከራይ ነበር፤ ካሴቱን ስትመልስ መታወቂያህን ትወስዳለህ፣ ካዘገየህ ትቀጣለህ። ዲስክ በነበረ ጊዜ ቢጫር እንኳ የጥርስ ሳሙና ቀብተህ ትወለውለዋለህ፤ አንዳንዱ ይነሳል፣ አንዳንዱ ይሞታል፣ ቢሞትም እጅህ ላይ ነው። ለዚህ ጓጉንቸር የሚቀባ ሳሙና የለም።

ውሪው ታዲያ ከቅዳሜ ጀምሮ የሚውለው እዚያ ጌም ቤት ነው። ትናንት እንዲያውም አሸንፎ ሳይከፍል መጣ። «አልናፈቀህም?» ብለው «ምኑ?» አለኝ።

በዚህ መሀል የዶላሩን ነገር ሳስብ ለልጄ መደወል ከበደኝ። ከሐምሌ 22 ቀን 2016 በፊት አንድ ዶላር በባንክ 57 ብር ገደማ ነበር፤ ምንዛሪው ለገበያ ሲለቀቅ ብዙም ሳይቆይ 100ን ዘለለ። እሷ የምትከፍለው በዶላር ቢሆንም እኔ የማባዛው በብር ነው፣ ልማድ ሆኖብኝ። አባዝቼ አባዝቼ ሌሊት ስድስት ሰዓት ላይ ተነስቼ ተቀመጥኩ። ባለቤቴ ከብርድ ልብሷ ውስጥ «አንቱ፣ ምን ሆኑ?» አለች። ምን ልበላት? ላሞቼ ሳይታለቡ አምስት ቀናቸው ነው ልበላት?

ደወልኩ። እዚያ ገና ከሰዓት ነው።

«አንቺ ልጅ» አልኳት፣ «ይህን ካርድሽን ብታሳድሺው ምናለ? ልጁን አሳዘንሽው። እህል አልቀምስ ብሏል።»

«ውሪው? እህል?»

«አዎ። ዓይኑ ጠፍቷል። ጓጉንቸሯን እያየ ይተክዛል።»

«እስቲ አቅርበው አባዬ፣ ላናግረው።»

«ተኝቷል» አልኩ። ይህስ ውሸት አልነበረም፤ በዚያ ሰዓት ምን ያደርጋል።

ወዲያ ማዶ ዝም አለች። መስመሩ የተቆረጠ መስሎኝ «ሃሎ፣ ሃሎ» አልኩ። ከዚያ ስትስቅ ሰማኋት፤ የእናቷን ሳቅ፣ ትንሽ ታፍኖ የሚወጣውን።

«አባዬ፣ ላሞቹ ስንት ደረሱ?»

ወደ መኝታ ቤቱ በር ዞር ብዬ አየሁ። ማንም የለም።

«አሥራ አንድ» አልኳት ቀስ ብዬ። «ወይኒት ደግሞ ከብዳለች።»