የተከበሩ፣ ከታች ይቀመጡ

በለቅሶም በሠርግም ከፍ ያለው ወንበር የእኔ ነበር። ባለፈው እሑድ ግን ነርሲንግ የምትማረው የልጅ ልጄ ወለል ላይ አስቀመጠችኝ።

ነገሩ የተነሣው በጉንፋን ነው። ሁለታችንንም በአንድ ቀን ያዘን። እኔ ዳማከሴ አሽቼ በቡና ጠጣሁ፤ እሷ እምቢ አለች። «60 ዓመት ሲያድነኝ አይቻለሁ!» ብላት፣ የመሶብ ክዳን የመሰለ ሥዕል ደብተሯ ላይ ሣለች። «አባባ፣ ይሄ የማስረጃ ደረጃ ነው።»

ጫፉ ላይ ጥናቶችን ሁሉ ለቅሞ፣ ብርቱውን ከደካማው ለይቶ፣ በአንድ ላይ የሚመዝን ጥናት አለ። ከሥሩ ሕመምተኞች በዕጣ የተከፈሉበት። ከዚያ ሰውን እየተከታተሉ ማየት፣ ከዚያ የጥቂት ሕመምተኞች ታሪክ። እታች፣ ጫማ የሚወለቅበት ቦታ፣ የአዋቂ አስተያየት።

«የማን አዋቂ?»

«ፕሮፌሰርም ቢሆን፣ አባባ።»

ይህ እንኳ ትንሽ አጽናናኝ። ለካ እ.ኤ.አ. በ1979 ካናዳ ውስጥ አንድ የሐኪሞች ግብረ ኃይል ማስረጃን በደረጃ ሲደረድር፣ መጨረሻ ላይ ያኖረው «የተከበሩ» ባለሙያዎችን አስተያየት ኖሯል። የተከበሩ ብሎ ጠርቶ በር ሥር ማስቀመጥ! እኛ ሰፈር ቢሆን ሽማግሌ ያስልካል።

«ደግሞስ መድኃኒት በዕጣ ይታደላል? ዕጣ የዕቁብ ነው» አልኩ።

«እርስዎስ የዕቁብ ዳኛ ሳሉ ለምን በዕጣ ያወጡ ነበር?»

ዝም አልኩ። ዳኛው ለወዳጁ እንዳያደላ ነዋ! ሐኪምም አዲሱን መድኃኒት ጠንከር ላለው ብቻ ከሰጠ፣ ያዳነው መድኃኒቱ ይሁን የሰውየው ጉልበት በምን ይታወቃል? እንግሊዞች የሳንባ ነቀርሳን በስትሬፕቶማይሲን ሲሞክሩ መድኃኒቱ ለሁሉ አይበቃም ነበር። ዕጣውን በታሸገ ፖስታ አደረጉት፤ ሐኪሙ እንኳ ቀድሞ አያውቅም። ውጤቱ እ.ኤ.አ. በ1948 ታተመ፦ በ6 ወር ውስጥ መድኃኒቱ ከደረሳቸው 55 ሰዎች 4 ሞቱ፣ ካልደረሳቸው 52 ደግሞ 14። ይህን ሁሉ ዕቁብተኛ ያውቀው ነበር፤ የጠየቀን የለም እንጂ።

ተሸንፌ አልቀርም ብዬ ሳይንቲስቱን አክሊሉ ለማን ለምስክርነት ጠራሁ። እ.ኤ.አ. በ1964 ዓድዋ ላይ፣ ሰው በእንዶድ ልብስ ከሚያጥብበት ዝቅ ብሎ፣ ቢልሃርዚያ የሚያስተላልፉት ቀንድ አውጣዎች ሞተው አየ። «በዓይኑ አይደል ያየው?»

«አይቶ መች ተቀመጠ? በሕይወት ያሉትን ወስዶ በእንዶድ ፈተናቸው እንጂ። እርስዎ ዳማከሴ ያልጠጣውን መቼ ቆጠሩ?»

ማንን ልቁጠር? እኔ ቤት የገባ ሰው ሳይጠጣ አይወጣም!

እኔ በአራተኛው ቀን ተሻለኝ። እሷንም በአራተኛው ቀን።