ከአንኮላ እስከ መለኪያ፦ በግሽ ዓባይ ዙሪያ ስለሚካሄደው የእግር የምግብ ጉብኝት የቀረበ ጥናት

በትላልቅ ከተሞች አንድ ሙያ ተፈጥሯል። አንድ ወጣት መታወቂያውን አንገቱ ላይ አንጠልጥሎ፣ እርስ በርስ የማይተዋወቁ ሰባት ስምንት ሰዎች አስከትሎ፣ ከምግብ ቤት ምግብ ቤት በእግር ያዞራል። ሰዎቹ በየደረሱበት ጥቂት ይቀምሳሉ፣ ፎቶ ያነሳሉ፣ የምግቡን ታሪክ ይሰማሉ። ሮም ውስጥ የድሮው ቄራ የነበረበት ቴስታቾ የሚባለው ሰፈር በዚህ ስሙ ይነሳል፤ ባንኮክም የቻይናዎቹ ሰፈር እንዲሁ። አዲስ አበባ ላይም እንግዳን ከቡና ቤት ክትፎ ቤት፣ ከክትፎ ቤት ጭማቂ ቤት የሚያዞሩ አሉ። ነገሩ የዘመናችን ፈጠራ ተደርጎ ይወራል። ይህ ጥናት በዚህ አይስማማም።

ጥናቱ የተካሄደው በምዕራብ ጎጃም፣ በሰከላ ወረዳ፣ የግልገል ዓባይ ምንጭ በሚፈልቅበት በግሽ ዓባይ ዙሪያ ነው። ጊዜው ጥር ነው። ጥር የተመረጠው በጥብቅ ሳይንሳዊ ምክንያት ነው፤ ገብሱም ጤፉም ዳጉሳውም ተወቅቶ ጎታ ገብቷል። በዚያ ላይ ሦስት በዓል ይከታተላል፦ ጥር 11 ጥምቀት፣ ጥር 12 ቃና ዘገሊላና ሚካኤል፣ ጥር 13 ደግሞ የአገሬው ትልቅ ንግሥ፣ የአቡነ ዘርዓ ብሩክ። ጥናቱ ነሐሴ ላይ ቢሆን ኖሮ አጥኚው ቆሎ ቆርጥሞ ይመለስ ነበር፣ ጽሑፉም እዚህ ላይ ያበቃ ነበር።

ስለ ስያሜው ጥቂት ማለት ያስፈልጋል። ትውፊቱ እንደሚለው አቡነ ዘርዓ ብሩክ ወደ እስር ሲወሰዱ መጻሕፍታቸውን ለዓባይ አደራ ሰጡ፤ ከዓመታት በኋላ ተመልሰው ውኃውን “አውጣ” ቢሉት መጻሕፍቱን ሳይረጥቡ ተፋቸው። “ግሽ” የሚለው ስም የመጣውም ከዚያ ትእዛዝ ነው ይባላል፤ በግዕዙ “ጎሥዐ”፣ በእኛው አማርኛ “አገሳ” ከምንለው። የአገሩ ስም ራሱ የጉብኝቱን መጨረሻ አስቀድሞ የሚናገርበት ሌላ ቦታ አላውቅም። ግሽን ከጉሽ ጠላ ጋር ያዛመደ ሊቅ እስካሁን አልገጠመኝም፤ ከሦስተኛው ቤት በኋላ ግን እኔ ራሴ አዛምጃቸዋለሁ።

ቀደምት ጥናቶችን በተመለከተ፣ ስፔናዊው ቄስ ፔድሮ ፓኤዝ እ.ኤ.አ. በ1618 ከዐፄ ሱስንዮስ ሠራዊት ጋር መጥቶ ምንጩን አይቷል። ስኮትላንዳዊው ጄምስ ብሩስ የመጣው እ.ኤ.አ. በኖቬምበር 1770 ነው። የብሩስ ጉዞ ለዚህ ጥናት ዘርፍ መሠረት የጣለ ነው ማለት ይቻላል፤ ምክንያቱም መሪ ነበረው፣ መሪውም አስከፍሏል። ወልዶ የሚባል የዳሞቱ የፋሲል ሰው ነበር፤ ምንጩ አጠገብ ሲደርሱ እያመነታ እያመካኘ ቆይቶ የብሩስን ቀይ የሐር መታጠቂያ ከወሰደ በኋላ ነው ቦታውን ያሳየው። ብሩስም በባዶ እግሩ ቁልቁል ሮጦ፣ ሁለቴ ወድቆ፣ ምንጩ ዳር ደረሰ። ከዚያም በኮኮናት ቅርፊት ጽዋ ውኃ ቀድቶ ለንጉሡ ለጆርጅ ሣልሳዊና ለሩሲያዋ ካትሪን ጤና ጠጣ። ውኃ! ወሩ ጥር ባይሆንም፣ አንድ ሰው ከስኮትላንድ ድረስ መጥቶ ጎጃም ላይ በውኃ “ለጤናችን” ሲል መሪው ምን ይሠራ ነበር ብሎ መጠየቅ የጥናቱ ግዴታ ነው። ወልዶ መታጠቂያውን አግኝቶ ሥራውን ለቅቋል።

የእኔ መሪ አያ ነው፤ የአባቴ ታናሽ ወንድም። መታወቂያ አንገቱ ላይ የለም፤ ጋቢ፣ ቁምጣና ዱላ አለው። በከተማ የመሪ ሙያ በቋንቋ ችሎታ ይመዘናል፤ እዚህ የሚመዘነው በውሻ ነው። እያንዳንዱ ቤት ውሻ አለው፣ እያንዳንዱ ውሻ ስም አለው፣ አያ ሁሉንም በስማቸው ይጠራቸዋል፤ የማይሰማውን በዱላ ያነጋግረዋል። እንግዳ ብቻውን ቢመጣ ሊቀምስ ቀርቶ ሊቀመስ ይችላል። ስለዚህ “የተመራ ጉብኝት” የሚለው ቃል በከተማ ትርፍ ነገር ነው፣ በሰከላ ግን የደኅንነት ጉዳይ ነው።

የመረጃ መሰብሰቢያ መሣሪያዎቼ አንድ ደብተር፣ አንድ እስክርቢቶና አንድ ቀበቶ ነበሩ። ደብተሩ ሁለተኛው ቤት መደብ ላይ ተረሳ። ከዚህ በታች ያለው በሙሉ ከቀበቶው የተገኘ መረጃ ነው።

አንዱን ቤት ቀረብ ብሎ ማየት ይበቃል፤ ሌሎቹ እርሱኑ ይደግሙታል። አያ ከደጅ ሆኖ “ቤቶች!” ይላል። ከውስጥ “ግቡ! ግቡ እንጂ፣ ምን ደጅ ያቆማችኋል!” ይመጣል። አዲስ አበባ ላይ፣ እ.ኤ.አ. በ1953 የተከፈተው ቶሞካ ቡናውን ሰው ቆሞ ቢጠጣ አይቀየምም፤ እዚህ ግን ቆሞ መቅመስ አይታሰብም። መደቡ ላይ አጎዛ ይነጠፋል፣ ትቀመጣለህ፣ ተቀመጥክ ማለት ፈረምክ ማለት ነው። የቤቲቱ እመቤት አንኮላውን አለቅልቃ ከማድጋው ትቀዳና፣ ከጠላው ጥቂት መዳፏ ላይ ጠብ አድርጋ መጀመሪያ እርሷ ትቀምሳለች። ይህን ስታደርግ ዓይንህን ነው የምታየው። መርዝ እንደሌለው አየህ አይደል? እንግዲህ ምን ምክንያት ቀረህ?

አንኮላ ቅል ነው፤ ቂጡ ክብ ነው። መደብ ላይ ልታስቀምጠው ብትሞክር ይጋደማል። የከተማ ጠጪ ብርጭቆውን ጠረጴዛ ላይ አስቀምጦ ሊረሳው ይችላል፣ የአንኮላ ጠጪ ግን ይዞት ይኖራል፤ የያዘውም ይጠጣል። የጠጣ እንደሆነ ይጎድላል፣ የጎደለ እንደሆነ ይሞላል። ከብዙ ሙከራ በኋላ የደረስኩበት ሕግ ይህ ነው፦ የማይቀዳለት ያልጠጣ ሰው ብቻ ነው፤ ያልጠጣ ሰው ደግሞ “ጠላችን አልጣመህም?” ይባላል፣ ያን ጊዜ ይጠጣል።

እንጀራው ሲመጣ ጉዳዩ ወደ መሐላ ይሸጋገራል። በከተማ ጉብኝት ላይ ጎብኚው “በቃኝ” ካለ መሪው ወደ ቀጣዩ ቤት ያልፋል። እዚህ “በቃኝ” የንግግር መጀመሪያ ነው። መጀመሪያ “ብላ እንጂ” ይመጣል፣ ቀጥሎ “በሞቴ”፣ ካላወቅህበት “አፈር ስሆን” ይከተላል፤ እርሱንም ተቋቁመህ ካለፍክ አሮጊቷ እሜቴ ከምድጃው ማዶ “በሚካኤል!” ትላለች፣ ቀኑም ጥር 12 ነው፣ ሚካኤልም እዚያው ማዶ ነው። ከዚያ በላይ የሄደ ሰው አላገኘሁም። ጉርሻውም አንድ ከሆነ ያጣላል ስለሚባል ሁለት ነው፤ ሁለት ከሆነ ደግሞ ሦስተኛው ለፍቅር ነው ይባላል። ማንም አራተኛውን የከለከለ ሕግ ሲጠቅስ አልሰማሁም።

ጥር 13 ረቡዕ ወይም ዓርብ ላይ ከዋለ ዶሮውና ቀይ ወጡ ቀርቶ ሽሮና ስልጆ ይቀርባል። የሚለወጠው ወጡ ነው፣ መሐላው አይለወጥም።

አረቄው መጨረሻ ላይ ይመጣል። እዚህ ላይ የቃላት ግራ መጋባት እንዳይፈጠር፣ በዚህ ጥናት ውስጥ “መለኪያ” ሲባል አረቄ የሚቀዳባትን ትንሿን ብርጭቆ ማለት ነው። በሌላው ዓለም መለኪያ ጥናትን ትክክለኛ ያደርጋል። በሰከላ እያንዳንዱ ተጨማሪ መለኪያ ጥናቱን በተወሰነ መጠን ያዛባዋል፣ አጥኚውንም ወደ ግራ ያዘነብለዋል።

አሁን ወደ ዋናው ግኝት እንምጣ። አምስተኛው ቤት ላይ ቀበቶዬ የመጨረሻው ቀዳዳ ላይ ደርሶ ነበር። ከፊታችን ያለው ቤት ጠላው እንደሚኮመጥጥ አያ ራሱ መንገድ ላይ ነግሮኛል። እንዝለለው አልኩት። አያ ቆመ። ዱላውን መሬት ላይ ተክሎ፣ የማልረባ ልጅ መሆኔን አሁን የተረዳ ይመስል፣ አየኝ።

“ሐምሌ ላይ ጤፉን ከእኛ ጋር ማን የዘራው ይመስልሃል?” አለኝ። “ወንፈል ነን እኮ። ነገ ላማችን ማሳቸው ስትገባ ማን ይመልስልናል?”

ያን ጊዜ ነው መንገዱ የገባኝ። የሮሙ መሪ መንገዱን የሚያወጣው በጣዕም ነው፤ ጥሩ አይብ ያለበትን ቤት፣ ጥሩ ዳቦ ያለበትን ቤት ይመርጣል። የአያ መንገድ በጣዕም ብትመረምረው እብደት ነው፤ ወደ ላይ ወጥቶ፣ ወንዝ ተሻግሮ፣ ተመልሶ መጀመሪያ ወዳለፍነው ጎረቤት ይመጣል። በወንፈል ስታየው ግን ቀጥ ያለ መስመር ነው። ወንፈል ቀን በቀን የሚመለስ ጉልበት ነው፤ ዛሬ አንተ የእኔን ካረምክ ነገ እኔ የአንተን አርማለሁ። ደቦ ይለያል፤ ጉልበቱ በቀን አይመለስም፣ እዚያው በእህልና በጠላ ይሸኛል። ቀሪው ሁሉ፣ ያበደረህ በሬ፣ ያስታመመህ ሌሊት፣ ልጅህን ክርስትና ያነሳልህ ሰው፣ በጥር ይወራረዳል። በክረምት የተበደርከውን ጉልበት በጥር ሆድህ ይከፍላል። ጠላው የኮመጠጠበት ቤት ገባን፤ ሦስት አንኮላ ጠጣሁ። ዕዳው ከባድ ሳይሆን አይቀርም።

ግኝቴን በንጽጽር ለማጠናከር አያ ባለፈው ዓመት ለሕክምና አዲስ አበባ ሲመጣ ከተማ ውስጥ ከሚደረጉት የምግብ ጉብኝቶች አንዱ ላይ ወሰድኩት። መሪያችን ጨዋ ልጅ ነበር። አያ መጀመሪያ የጠየቀው “የማን ልጅ ነህ?” ብሎ ነው፤ ቀጥሎ “የምንገባባቸው ቤቶች ሰዎች ምንህ ናቸው?” አለ።

“አብረውን የሚሠሩ ናቸው፣ አባባ።”

“ዘመድህ ካልሆኑ ለምን ይዘኸን መጣህ?”

ልጁ ሳቀ። አያ አልሳቀም፤ መልሱን ይጠብቅ ነበር።

ክትፎ ቤት ስንደርስ ለእያንዳንዱ ሰው በትንሽ ሳህን ሁለት ጉርሻ የሚያክል ክትፎ፣ ከጎኑ ትንሽ ቆጮ ቀረበ። አያ አነሳ፣ ጎረሰ፣ አላመጠ፣ ራሱን ነቀነቀ። “ቀመስኩት፤ ደኅና ነው” አለ። “አሁን ይቅረብ።” ልጁ ቅምሻው ያ ብቻ እንደሆነ አስረዳው። አያ በጣም ዝቅ ባለ ድምፅ ወደ እኔ ጠጋ ብሎ፣ ቤተሰቡ ኀዘን ላይ እንደሆነና አስቸግረናቸው እንደሆነ ጠየቀኝ። ሲወጣም ባለቤቲቱን ፈልጎ አግኝቶ፣ ቤታችሁ ይሙላ፣ መሶባችሁ አይጉደል ብሎ መረቃት፤ ከኋላችን ያሉት ፈረንጆች ይህም የፕሮግራሙ አካል መስሏቸው ቀረጹት። አራት ቤት ገባን፣ አራቱንም መረቀ።

አያ አገሩ በገባ በሁለተኛው ወር ከፍኖተ ሰላም በመጣ አውቶቡስ አንድ ጆንያ ደረሰኝ። ውስጡ በፌስታል በፌስታል የታሰረ የቡሬ በርበሬ ነው፤ አራት ፌስታል። ደወልኩለት።

“ለነዚያ ሰዎች ነው” አለኝ። “በልተን ዝም ልንል ነው?”

“አያ፣ ከፍለናል እኮ። ገንዘቡ መጀመሪያውኑ ተሰጥቷል።”

“ገንዘቡንማ ለልጁ ነው የሰጠኸው። እኛ የበላነው የሰዎቹ ቤት ነው።”

በመጀመሪያ የሄድኩት ክትፎ ቤቱ ነው። ገንዘብ ያዧ ፌስታሉን አየችና ግዢ ነው ወይስ ትእዛዝ ብላ ጠየቀችኝ። ብድር ነው አልኳት። “እኛ ነን ያለብን?” አለች፤ አይ፣ እኛ ነን አልኳት። ምን ብላ እንደምትመዘግበው ስላልገባት ባለቤቲቱን ጠራቻት። ሴትዮዋ እጇን በሽርጧ እየጠረገች ወጣች፣ ቋጠሮውን ፈታች፣ አንድ ዛላ አውጥታ ሰበረችና አሸተተች።

“የቡሬ ነው?”

“አዎ። አምና የመረቁሽ ሰውዬ ናቸው የላኩት።”

ምንም አላለችም። ወንበር ስባ “ቁጭ በል” አለችኝ። የመጣው ሳህን የቅምሻው ሳህን አልነበረም፤ ጎመኑም አይቡም አብሮ ነበር፣ “በሞቴ”ም ነበረበት። ስጨርስ ሂሳብ ብዬ ብጠይቅ “የምን ሂሳብ?” ብላ ወደ ማድ ቤቷ ተመለሰች።

ለአያ እስካሁን አልነገርኩትም።