የሥጋ ቤት ውሻ የጾም አቆጣጠር፦ መነሻ ጥናት

በአዲስ አበባ ሥጋ ቤት ደጃፍ የሚውለው ውሻ ረቡዕና ዓርብ ይጠፋል፤ ሐሙስ ሥጋ ቆራጩ ነጭ ጋውኑን ሳይለብስ ከች ይላል። ሁዳዴ ሲገባ ደግሞ ለ55 ቀን አድራሻ ይቀይራል። የዚህ ጥናት ጥያቄ አንድ ነው፦ ውሻው ባሕረ ሐሳብ ያውቃል ወይስ አያውቅም?

ናሙናው አንድ ውሻ ብቻ መሆኑ ያስተቸን ይሆናል። ሁለተኛ ለመጨመር ታስቦ ነበር፤ የመጀመሪያው አልፈቀደም። የሙስሊም ሥጋ ቤት ውሻ ራሱን የቻለ ጥናት ስለሚፈልግ አልነካነውም።

በዘርፉ ቀዳሚው ሩሲያዊው ኢቫን ፓቭሎቭ ናቸው። ውሾቻቸው ምግብ ሊቀርብ ሲል የሜትሮኖም ምት እየሰሙ ከርመው፣ ውሎ አድሮ ምቱ ብቻ ሲሰማ ለሃጫቸው ይዝረበረብ ጀመር። በእኛ ሰፈር ሜትሮኖም የለም። ቢላ ከሞረድ ሲፋጭ ግን ይሰማል፤ ውጤቱም ያው ነው። (ግማሽ ኪሎ ቁርጥ አዘው በሚጠብቁ ደንበኞች ላይም ተመሳሳይ ምልክት ታይቷል፤ ከጥናቱ ወሰን ውጭ ስለሆነ አልለካነውም።)

አጥንት ሁልጊዜ አይወረወርም፤ ውሻው ግን ተስፋ አይቆርጥም። የሥነ ልቦና ተመራማሪው ስኪነር በአይጥና በእርግብ እንዳሳዩት፣ አልፎ አልፎ የሚገኝ ጉርሻ ዘወትር ከሚገኘው ይልቅ ልማድን ያጸናል። ስለዚህ ውሻውን ደጃፍ ላይ ያቆየው ቸሩ ደንበኛ ሳይሆን ስስታሙ ነው።

ወደ አቆጣጠሩ እንመለስ። የእንስሳት ባሕርይ ተመራማሪው ሎይድ ሞርጋን በ1894 እ.ኤ.አ. ባስቀመጡት ደንብ መሠረት፣ እንስሳ ያደረገውን ዝቅ ባለ ችሎታ ማስረዳት ከተቻለ ከፍ ያለውን ማልበስ አይገባም። መዝጊያው ተቆልፎ የሥጋ ሽታ ሲጠፋ ውሻው ዞር ይላል ማለት ይበቃል። ጅብም እንዲሁ ነው። የመቀሌ ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች የተሳተፉበትና በ2012 እ.ኤ.አ. የታተመ ጥናት እንዳሳየው፣ በትግራይ በጅብ ኩስ ውስጥ የተገኘው የአህያ ፀጉር ከሁዳዴ በፊት 14.8 በመቶ ነበር፤ በጾሙ ወቅት 33.1 ደረሰ። እርድ ሲቆም የሚጣል ትርፍራፊ ስለሚቀር ጅቡ ወደ አህያ ዞረ እንጂ ካላንደር አላየም። የጾሙን መግባት በሚገባ የምታውቀው አህያዋ ናት።

ክርክሩን የሚቆርጠው በዓለ ሃምሳ ነው። ከፋሲካ በኋላ ባሉት 50 ቀናት ረቡዕና ዓርብ አይጾምም። ውሻው ቀን ቆጣሪ ቢሆን ኖሮ በልማዱ ይቀር ነበር። በመጀመሪያው ረቡዕ ቢላው ገና ሲፋጭ ከቦታው ተገኘ። እንግዲህ ወይ ሥርዓተ ጾሙን ከነዝርዝሩ ያውቃል፣ ወይ ጆሮ አለው። የሞርጋን ደንብ ጆሮውን ያስመርጠናል።

በዚያው ዕለት አንድ አዛውንት ደንበኛ ገቡ። ጥብሱ እያወዳቸው፣ ቁርጡ በየጠረጴዛው ተዘርግቶ እያዩ፣ «ዛሬ ሮብ አይደል እንዴ? እስቲ ሽሮ አምጪልኝ» አሉ። ይህንንም ዝቅ ባለ ችሎታ ለማስረዳት ሞክረን ነበር፤ ደንቡ የወጣው ለእንስሳ ብቻ ስለሆነ ትተነዋል።