ፕሬዚዳንቱ ድጓ ቤት ቢገቡ

በጋይንቷ የድጓ ዜማ ምስክር ቤት፣ በቤተ ልሔም፣ ሕጉ ቀላል ነው፤ ድምፅ የቱንም ያህል ቢያምር፣ እዚያ ገብቶ ያላስመሰከረ ሰው ‹‹የድጓ መምህር ነኝ›› ብሎ ደረቱን አይነፋም። ተማሪው ቁራሽ ለምኖ፣ ጎጆ ቀልሶ ዓመታት ይቀመጣል። አንዲት የዜማ ምልክት ከተዛነፈችበት እንደገና ‹‹ሀ›› ይላል።

የአሜሪካ ፕሬዚዳንትነት ግን፣ ተመስገን፣ ሰው አያንገላታም። ሕገ መንግሥቱ የሚጠይቀው 35 ዓመት የሞላው፣ በትውልድ አሜሪካዊ የሆነና 14 ዓመት በአገሩ የኖረ ሰው ነው። ፈተና የለ፣ አራሚ የለ።

ፍሬውንም አይተናል። ዶናልድ ትራምፕ በጥቅምት 2013 ዓ.ም. ግብፅ የሕዳሴ ግድቡን ልታፈነዳው እንደምትችል ተናገሩ፤ ለኢትዮጵያ የሚሰጠው ገንዘብ መታገዱንም አከሉ። በሰኔ 2017 ዓ.ም. ደግሞ ያው ግድብ በአሜሪካ ገንዘብ፣ ያውም በሞኝነት፣ ተሠራ አሉ። ገንዘብ ከልክሎ ከፋይ መሆን ከአራራይም ከእዝልም የማይገባ አዲስ ዜማ ነው! የክረምት ጎርፉ በበሽሎ በኩል ዓባይ የሚገባለት፣ ለግድቡም ቦንድ የገዛ የስማዳ ሰው ይህን ሲሰማ ‹‹እንግዲያስ የእኔ ብር ይመለስልኛ!›› ቢል ማን ይፈርድበታል?

ግድቡ ጳጉሜን 4 ቀን 2017 ዓ.ም. ተመረቀ። ለአሜሪካ መራጮች ያለን ምክር አንድ ነው፤ ሰውዬውን ነጩ ቤት ከማስገባታችሁ በፊት ምስክር ቤት አስገቡት። ቤተ ልሔም በሯ ክፍት ነው፤ ቁራሹን ግን ራሱ ይለምን።