ከደመወዙ ነዋ!

ጥር 23 እንጅባራ ሜዳ ላይ የትኛው ፈረስ እንደቀደመ ለማወቅ ኮሚቴ አያስፈልግም፤ ሕዝቡ በዓይኑ አይቷል። የመንግሥት ቅጥር ግን አቧራ አያስነሳም። ማስታወቂያ ይለጠፋል፣ ፈተና ይሰጣል፣ ከዚያ የቃለ መጠይቅ ነጥብ ይመጣና ፊተኛውን ኋለኛ ያደርገዋል።

ቅር ያለው አመልካች መንገድ አጣ አይባልም። የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 37 አለለት። ቀጣሪው የፌዴራል መሥሪያ ቤት ከሆነ ደግሞ አዋጅ ቁጥር 1183/2012 አለ፤ የአስተዳደር ውሳኔ በፌዴራል ከፍተኛ ፍርድ ቤት ይከለስ ይላል። በአማራ ክልል ይህን ሥልጣን በውክልና የያዘው የክልሉ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ነው፤ ባሕር ዳር ማለት ነው። ለዳንግላው ልጅ 80 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው፣ ምንም አይል። የእንጅባራው ወደ 120 ይጓዛል። የመሳፈሪያውን ከየት ያመጣል? ከደመወዙ ነዋ!

ደርሶም ማስረጃ ይጠየቃል። ማስረጃው ቃለ ጉባኤው ነው፤ ቃለ ጉባኤው ያለው ግን ተከሳሹ መሳቢያ ውስጥ ነው። ቁልፉን የያዘው ሰውዬ ደግሞ፣ መቼም አያድርስ፣ ስብሰባ ላይ ነው። ቀጠሮው ቀጠሮ ሲወልድ ያ የተቀጠረው ሰው የሙከራ ጊዜውን ጨርሶ ለቀጣዩ ቅጥር ፈታኝ ኮሚቴ ተመርጧል።