ይድረስ ለክቡር አልመቃህ፤ ባሉበት

ለ፦ ክቡር አልመቃህ፣ የጥንት ሳባውያን አምላክ፣ የየሓ ታላቁ ቤተ መቅደስ ባለቤት
ከ፦ አንድ የቀን ጎብኚ
ጉዳዩ፦ ቤትዎን በችኮላ ስለ መጎብኘታችን አቤቱታ ማቅረብን ይመለከታል

ክቡር ሆይ፣ ለጤናዎ እንደምን ከርመዋል? እኔ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነኝ። «እግዚአብሔር ይመስገን» ብሎ ለእርስዎ መጻፍ ጨዋነት እንደሚጎድለው አውቃለሁ፤ ነገር ግን ሌላ የደብዳቤ አጀማመር አልተማርኩም። እርስዎም ጣራዎ ከወረደና ምእመናንዎ ከተበተኑ ብዙ ዘመን ስለሆነ አይቀየሙኝም ብዬ ተስፋ አደርጋለሁ። ደግሞስ ለማን ልጻፍ? ለአስጎብኚው ብጽፍ ወደ ድርጅቱ ይመራኛል። ድርጅቱ ወደ መሥሪያ ቤት ይመራኛል። መሥሪያ ቤት ብሄድ ኃላፊው ስብሰባ ላይ ናቸው። እርስዎ ቢያንስ ስብሰባ የለብዎትም።

ጉዞው «የአንድ ቀን ሙሉ ፓኬጅ» ይባላል። ጠዋት ከአክሱም ተነስቶ የአድዋን ተራሮች በመኪና መስኮት ማየት፣ ቀጥሎ እርስዎ፣ ቀጥሎ ደብረ ዳሞ፣ ማታ ሆቴል ተመልሶ እራት። በታደለን ወረቀት ላይ እርስዎ የሰፈሩት «የሓ እና የሻይ ዕረፍት» ተብለው ነው። ከሻዩ ቀድመው መጠራትዎን እንደ ክብር ይቁጠሩት። የ1888ቱ ድል የተገኘባቸው ተራሮች እንኳ የደረሳቸው «በስተግራ በኩል ተመልከቱ» የሚል አንድ ቃል ብቻ ነበር፤ በስተቀኝ የተቀመጥነው የጎረቤታችንን ትከሻ ተመልክተን አለፍን።

ችኮላው ሁሉ የደብረ ዳሞ ነው። እዚያ በገመድ ተንጠልጥሎ መውጣት አለ፤ ለስልክ ካሜራ ሲሳይ የሚሆነው እሱ ነው። ሴቶች ወደ ገዳሙ ስለማይወጡ አብረውን የነበሩት እናቶችና እህቶች ከገደሉ ሥር ተቀምጠው እንዲጠብቁን ተወስኗል። አንዲት እናት ይህን እንደሰሙ «ልጄ፣ እዚያ ሥር ከምንቀመጥ እዚሁ የሓ ትታችሁን ሂዱና ስትመለሱ ውሰዱን» አሉ። መመለሻው መንገድ ያው ነው፤ ሐሳቡም ጤነኛ ነው። አስጎብኚው ግን ወረቀቱን አሳያቸው። በወረቀቱ ላይ ለሴቶች «ነፃ ጊዜ» ተብሎ ተመድቦላቸዋል። ነፃነቱ ከገደሉ ሥር ነው።

ደጅዎ ስንደርስ ሹፌሩ ሞተሩን አላጠፋም።

ቤትዎ ያምራል። ይህን ሳልናገር ወደ ክሱ ብገባ ግፍ ይሆንብኛል። ርዝመቱ 18 ሜትር ተኩል ገደማ፣ ወርዱ 15 ሜትር ያህል፣ ዛሬም ቆሞ ያለው ግድግዳ ከፍታው ወደ 13 ሜትር ይጠጋል። ድንጋዩ ተጠርቦ፣ ተስተካክሎ፣ አንዱ በሌላው ላይ ያለ ጭቃና ያለ ኖራ ተቀምጧል። እኔ ቤት ሳሠራ ግንበኛው ቱንቢና ውሃ ልክ ይዞ፣ ሲሚንቶ በኩንታል ጨርሶ ያቆመልኝ የአጥር ግንብ ክረምት በመጣ ቁጥር ወደ ጎረቤቴ ያዘነብላል፤ ጎረቤቴ ሰላምታ ከነፈገኝ ቆይቷል። የእርስዎ ግን ከሩቅ ቁመቱ፣ ከቅርብ መገጣጠሚያው ያስደምማል። ጠጋ ብዬ መገጣጠሚያውን በዓይኔ መከተል ጀመርኩ። አንዱን ረድፍ ሳልጨርስ «ቤተሰብ፣ እንፍጠን!» ተባለ። ቡና ተቆልቶ ለአቦል በማይደርስበት ጊዜ ውስጥ ገብተን፣ ተነግሮን፣ ፎቶ ተነስተን ወጣን።

የተነገረን ምን መሰለዎት? የመጀመሪያው ዕድሜዎ ነው። አጥኚዎች ይህን ቤት ከክርስቶስ ልደት በፊት በ7ኛው መቶ ዓመት ያደርሱታል፤ 2,700 ዓመት ገደማ መሆኑ ነው። አስጎብኚያችን «ሦስት ሺህ» ብሎ ሞላው። እኛ ለእሱ ጉርሻ ለመስጠት ኪሳችንን ስንዳብስ እሱ ለእርስዎ ሦስት መቶ ዓመት ጉርሻ ሰጠ። ለጋስነቱን አደንቃለሁ። ግን 2,700 ዓመት ምን አንሶት ነው? በየሄድንበት ዕድሜ እንደ ዶላር ምንዛሪ በየጊዜው ከፍ ካላለ የማንከበር የሚመስለን ለምን እንደሆነ አይገባኝም።

ሁለተኛው የባለቤትነት ጉዳይ ነው፤ እዚህ ላይ ክቡርነትዎ ጠበቃ ቢያቆሙ ይሻላል። ቤቱ የንግሥተ ሳባ ነው ተብለናል። ንግሥቲቱ በትውፊት የሰለሞን ዘመን ሰው ናቸው፤ ያም ማለት ከክርስቶስ ልደት በፊት በ10ኛው መቶ ዓመት ነው። ይህ ግድግዳ ሲቆም እሳቸው ካረፉ ብዙ ትውልድ አልፏል። ባለፈው ቀን ደግሞ አክሱም ዱንጉር ላይ ሌላ የእሳቸው ቤተ መንግሥት አይተናል፤ ያኛው የተሠራው ከክርስቶስ ልደት በኋላ በ6ኛው መቶ ዓመት አካባቢ ነው። ከሁሉ የሚገርመው ባሕር ማዶ ያለው ነው። የመን ማሪብ ውስጥ የሚገኘውን ታላቁን የአዋም ቤተ መቅደስዎን የአገሩ ሰው «ማሕረም ቢልቂስ» ይለዋል፤ ቢልቂስ ያው ንግሥቲቱ ናቸው። በኮንዶሚኒየም ዕጣ አንድ ስቱዲዮ እንኳ ያልደረሰን ሰዎች ባለንበት አገር እኚህ እመቤት በሦስት ቦታ ቤት አላቸው፤ ከሦስቱ ሁለቱ ደግሞ የእርስዎ ናቸው። የስም ዝውውሩ የተፈጸመው ያለ ውክልና፣ ያለ ምስክር ነው።

ሦስተኛው ግን ከሁሉ ይብሳል። በመኪናችን ውስጥ አንድ የአውሮፓ ባልና ሚስት፣ ከዋሽንግተን የመጣ የኛው አገር ቤተሰብ፣ እና እኛ ከአዲስ አበባ የሄድን ነበርን። አስጎብኚው በመጀመሪያ ለአውሮፓውያኑ በእንግሊዝኛ፣ «ይህን የሠሩት ከየመን ቀይ ባሕርን ተሻግረው የመጡ ሳባውያን ናቸው» አለ። ባልና ሚስቱ ራሳቸውን ነቀነቁ። ከዚያ ወደኛ ዞሮ በአማርኛ፣ «ሥልጣኔው ከዚህ ተነስቶ ነው ወደ የመን የተሻገረው፤ ፈረንጆች ናቸው ያጣመሙት» አለ። እኛም ራሳችንን ነቀነቅን። የዋሽንግተኑ ልጅ፣ አሥራ ምናምን ዓመት የሚሆነው፣ ሁለቱንም ቋንቋ ይሰማል። አባቱን አየ፣ ግድግዳውን አየ፣ ከዚያ ወደ ስልኩ ተመለሰ። ጥያቄ ነበረው ብዬ እገምታለሁ፤ የሚጠይቅበት ጊዜ ግን አልተመደበለትም።

እውነቱን እርስዎ ያውቁታል፤ እኔ ሰዎች ቆፍረው ያገኙትን ብቻ ላስታውስዎ። የድንጋዩ አሠራር፣ የተቀረጸው ፊደል፣ የእርስዎም ስም ከየመኖቹ ማሪብና ሲርዋሕ ጋር አንድ ነው፤ ይህን የካደ ግድግዳውን አላየም። የሰዉ የዕለት ተዕለት ሸክላ ግን አብዛኛው የዚሁ አገር እጅ ሥራ ነው፤ ይህን የካደም መሬቱን አልቆፈረም። እ.ኤ.አ. በ2007 ውቅሮ አቅራቢያ መቃብር ጋዕዋ በሚባል ቦታ ሌላ ቤትዎ ተገኝቷል። መሠዊያው ላይ የየሓ ስም ተጽፏል፤ መሥዋዕቱን ያቀረበው ንጉሥም የአባቱን ብቻ ሳይሆን የእናቱን ስም ጭምር አስቀርጿል። የሚፈሰው መጠጥ በቦይ ተመርቶ በበሬ ራስ ቅርጽ በኩል ይወርድ ነበር። እንግዲህ መጤና ባለአገር ተጋብተው፣ ተማምረው፣ አንድ ላይ የሠሩት ነገር ይመስላል። ይህ ታሪክ ከሁለቱም ተረት ይበልጥ ደስ ይላል። አንድ ጉድለት ግን አለበት፤ ግማሹን ለፈረንጅ፣ ግማሹን ለሐበሻ ከፍሎ መሸጥ አይቻልም።

አስጎብኚውን ብቻ እየከሰስኩ እንዳይመስልዎ። ከ2013 እስከ 2015 ዓ.ም. በነበረው ጦርነት የትግራይ አስጎብኚ እንጀራው ተቋርጧል፤ በዚያ ላይ የደረሰውን እኔ በቀልድ ደብዳቤ አልነካውም። እንግዳ ሲመጣለት እንግዳው የሚወደውን ቢነግረው ገበያውን ማወቁ ነው። ዋናው ተከሳሽ እኛው፣ ገዢዎቹ ነን። «ትልቅ ነበርን» የሚል ካገኘን በኋላ «እንዴት ሠሩት?» ብለን የምንጠይቅ ስንቶቻችን ነን? በእኛ መኪና ውስጥ ጠራቢዎቹ ስንት ነበሩ፣ ድንጋዩ ከየት መጣ፣ ወደ ላይ እንዴት ወጣ ብሎ የጠየቀ የለም። ሰው ሁሉ የጠየቀው ዋይፋይ ያለበትን ነው።

ከእኛ በፊት የመጡትን ያስታውሷቸዋል? ፖርቱጋላዊው ቄስ አልቫሬዝ በ1520ዎቹ አይቶዎት ጽፏል። እንግሊዛዊው ቤንት በ1893 መጥቷል። በ1906 የኤኖ ሊትማን የጀርመን ቡድን ለካዎት፣ ሣለዎት። በ1960ዎቹና ከዚያም በኋላ ፈረንሳዊው አንፍሬ ዙሪያዎን ቆፈረ። ከ2009 ጀምሮ ደግሞ የጀርመን የአርኪዮሎጂ ተቋም ሰዎች ሠርተዋል፤ ግድግዳዎ እንዳይከዳዎ የብረት ድጋፍ አቁመውልዎታል። ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው፤ ምክንያቱም በእኛ አቆጣጠር የጻፈ ጥቂት ነው፤ ይህም ራሱ ለሌላ ደብዳቤ የሚሆን ጉዳይ ነው።

ከቤትዎ አጠገብ ያለውን ግራት በዓል ገብሪንም አላየነውም ማለት ይቻላል። ከእርስዎ ቤት የሚቀድም፣ ከክርስቶስ ልደት በፊት ወደ 800 ዓመት የሚጠጋ፣ በስድስት ግዙፍ ምሰሶዎች ፊት ለፊቱን ያቆመ ሕንፃ ነው። «እዚያ ደግሞ ምሰሶ አለ» ተብለን አለፍን። እውነት ነው፤ ምሰሶ አለ።

አንድ ሰው ግን አልቸኮሉም፤ ስማቸውን ባላውቀውም ለምስክርነት እጠቅሳቸዋለሁ። ከቤትዎ አጠገብ ያለውን የአባ አፍጼ ቤተ ክርስቲያን ዕቃ ቤት ቁልፍ የያዙ አረጋዊ ቄስ ነበሩ። እዚህ ላይ ደስ የማይልዎትን መናገሬ ነው፤ ይታገሡኝ። ከዘጠኙ ቅዱሳን አንዱ አባ አፍጼ ወደዚህ መጥተው ቤትዎ ቤተ ክርስቲያን ሆነ ይላል ትውፊቱ፤ እስከ ዛሬ ለመቆምዎም ዋናው ምክንያት ያ ነው። ሰው የሚጸልይበትን ግድግዳ ለበረት አያፈርሰውም። ያባረረዎ ነው የጠበቀዎ። የዋልያዎቹ ቅርጽ ያለበት ድንጋይዎም አሁን የአባ አፍጼ ቤተ ክርስቲያን ግድግዳ ላይ ገብቷል፤ ደህና ናቸው፣ ሰላም ይሉዎታል። ቄሱ የብራና መጻሕፍቱን ገልጠው አሳዩን፤ ቀጥለው የድሮ ጽሕፈት የያዘ ድንጋይ አወጡና ከቀኝ ወደ ግራ በጣታቸው ተከተሉት። «ይኸውልህ በ፣ ይኸውልህ ለ፣ ይቺ ደግሞ ሐ» አሉኝ። ስለ ንግሥት ሳባ አንድ ቃል አልተነፈሱም። የዋሽንግተኑ ልጅ ስልኩን ኪሱ ከትቶ ጎንበስ ያለው እዚያ ነው። ወዲያው ከውጭ ጡሩምባ ተነፋ።

እንግዲህ አቤቱታዬ ይህ ነው። አባቶች «ባለቤቱን ካልናቁ አጥሩን አይነቀንቁ» ይላሉ፤ እኛ ግን ባለቤቱን ሳናውቀው ነው የምንነቀንቀው። በደህናው ዘመንዎ ሰው ዕጣን ይዞ፣ ደጅ ጠንቶ ይመጣብዎት ነበር። ዛሬ የታሸገ ውሃና የሰልፊ ዘንግ ይዘን በሩጫ እንገባለን። ስለዚህ ግድግዳውን አንድ ጊዜ እንኳ ዞሮ ሳያይ ከፊቱ ቆሞ ፎቶ የሚነሣ ሰው ፎቶው ደብዝዞ እንዲወጣ ቢያደርጉልን። ይህ ከአቅምዎ በላይ ከሆነ (ጣራዎን ማዳን አልቻሉምና አልፈርድብዎትም) ቢያንስ ያቺ እናት በሚቀጥለው ጊዜ ሲመጡ ጥላ ያለበት ቦታ ላይ አስቀምጠው እስኪጠግቡ እንዲያዩዎት ይፍቀዱላቸው። ገደል ሥር ተቀምጠው የሰው ገመድ ሲጠብቁ ዋሉ፤ ወንዶቹ ሲወርዱ ደግሞ ቪዲዮውን እንዲያደንቁ ተጠየቁ።

ዕድሜዎን በተመለከተ፣ የተጨመረልዎትን ሦስት መቶ ዓመት ለመመለስ ፈቃደኛ ከሆኑ በደረሰኝ እንረከባለን።

ከሰላምታ ጋር

ግልባጭ፦
ለዋልያዎቹ፣ በአባ አፍጼ ቤተ ክርስቲያን ግድግዳ
ለንግሥተ ሳባ፣ ካሏቸው ቤቶች በአንዱ
ለሹፌሩ፣ ሞተሩን እንዲያጠፋ