የ15 ደቂቃው እራት

አሠራሩ አሜሪካ ያለችው ታናሽ እህቴ በድምፅ መልእክት የላከችልኝ ነው። «ማካሮኒውን ትቀቅያለሽ፣ ቱናውን ከፍተሽ ትጨምሪበታለሽ፣ ሽንኩርት፣ ሎሚ፣ ማዮኔዝ፤ በቃ። 15 ደቂቃ አይፈጅብሽም። የተረፈውን ለልጆቹ ምሳ ዕቃ ታደርጊዋለሽ።» ሜሪላንድ ነው ያለችው፤ ሁለት ሥራ ትሠራለች፤ ማታ ስትገባ ቆማ የምትበላውን ነው የነገረችኝ። አስባልኝ ነው። እኔም ባለፈው ረቡዕ 11 ሰዓት ተኩል ከሥራ ወጥቼ፣ የታክሲ ሰልፉን ጠብቄ፣ 1 ሰዓት ተኩል ላይ ቤቴ ስደርስ ጓዳዬን ከፍቼ አየሁ። ማካሮኒ አለ። ሁለት ጣሳ ቱና አለ። ሽንኩርት፣ ሎሚ፣ ዘይት አለ። ቀኑ ጾም ነው፤ እኛ ቤት ደግሞ ከሑዳዴ በቀር በጾም ዓሣ ይበላል። ተመስገን፣ ዛሬስ ቶሎ እንበላለን አልኩ።

ልጆቹ የበሉት 3 ሰዓት ካለፈ በኋላ ነው። ትንሹ እንቅልፍ ጥሎት ስለነበር ቀስቅሼ ነው ያጎረስኩት።

የእኔ ቤት ጣጣ ብቻ ቢሆን ዋጥ አድርጌ አልፈው ነበር። በማግስቱ ለሥራ ባልደረቦቼ ስነግራቸው ግን አንዷም አልተገረመችም። አንዷ ገና ሳልጨርስ «ውሃ ነው መብራት?» አለችኝ። ሌላዋ «ጣሳው ነው አይደል?» አለች። ለካ ሁሉም የየራሷ ረቡዕ አላት።

ከውሃው ልጀምር። ጣሊያኖች 100 ግራም ፓስታ በ1 ሊትር ውሃ ይቀቀል ይላሉ። አንድ ፓኮ ማካሮኒ 500 ግራም ነው፤ 5 ሊትር ውሃ ማለት ነው። ለሰላጣ ሲሆን ደግሞ እንደተጠለለ በቀዝቃዛ ውሃ መለቅለቅ አለበት፤ አለዚያ በራሱ ሙቀት መብሰሉን ይቀጥልና እርስ በርሱ ይጣበቃል። ሌላ 3 ወይም 4 ሊትር። የዓሣ ዘይት የነካውን ድስት፣ ማጥለያና ሳህን ለማጠብ እንደገና ሌላ። እኛ ሰፈር ውሃ በፈረቃ ነው፤ ሲመጣም 4ኛ ፎቅ ድረስ ጉልበት የለውም። ከታች በ20 ሊትር ጀሪካን ቀድተን፣ በደረጃ ተሸክመን ነው የምናወጣው። ከጀሪካኑ ከግማሽ በላይ ለአንድ ሰላጣ ሄደ ማለት ነው። የቀቀልኩበትን ውሃ ደፍቼው አላውቅም፤ በባልዲ ተቀብዬ ለሽንት ቤት አኖረዋለሁ። አሁን አሁን በ3 ሊትር መቀቀል ለምጃለሁ፤ መጀመሪያ ላይ ሁለት ሦስት ደቂቃ ሳያቋርጡ ካማሰሉት አይጣበቅም። ቀኑን ሙሉ ቆሜ ውዬ፣ እራት ላይም ድስት ሥር ቆሜ ማማሰል ግን ይደክማል።

ቀጥሎ ፓኮው ላይ የተጻፈው ደቂቃ አለ። «8 ደቂቃ» ይላል። ለዓመታት 8 ደቂቃ ቀቅዬ ጥሬ ሲሆንብኝ ጥፋቱ የእኔ ይመስለኝ ነበር። አንድ ጊዜ አማቴ ሊጠይቁን መጥተው ያቀረብኩላቸው ማካሮኒ ጥርሳቸው ላይ ሲንቀጫቀጭ ሰምቼ መሬት ብትውጠኝ ብያለሁ፤ እሳቸው ምንም አላሉም፤ ሳህኑን ቀስ ብለው አራቁት። ለካ 8 ደቂቃው የባሕር ዳርቻ ሰው ደቂቃ ነው። ውሃ በ100 ዲግሪ የሚፈላው በባሕር ወለል ከፍታ ላይ ነው። ከፍታ በጨመረ ቁጥር አየሩ ስለሚሳሳ ውሃው ያን ያህል ሳይሞቅ መፍላት ይጀምራል። አዲስ አበባ ከባሕር ወለል በላይ 2300 ሜትርን ታልፋለች፤ እዚህ ውሃ የሚፈላው 92 ዲግሪ ገደማ ላይ ነው። ሲንተከተክ ለዓይን ያው ነው፤ ሙቀቱ ግን ያው አይደለም። እሳት ብንጨምርበትም ቶሎ ይተናል እንጂ ከዚያ በላይ አይሞቅም። ስለዚህ የፓኮው 8 ደቂቃ እኔ ጋ 11፣ 12 ደቂቃ ይሆናል። ባቄላና ሽምብራ የምንቀቅል ሴቶች ይህን በወገባችን እናውቀዋለን። የሚያናድደኝ እዚሁ ከተማ የሚታሸግ ፓስታ እንኳ ያንኑ የሌላ አገር ደቂቃ ይዞ መምጣቱ ነው። አንድ ሰው ፋብሪካው ጓሮ አንድ ድስት ጥዶ፣ ቀምሶ፣ ትክክለኛውን ደቂቃ ቢጽፍልን ምን ነበረበት?

12 ደቂቃ ሲቆይ ደግሞ ሌላ ጣጣ ይመጣል። ውጪው ይሟሟል፤ ውሃው እንደ አጥሚት ይወፍራል፤ ሰላጣ ይሆናል ያልነው ገንፎ ይሆናል። ምክንያቱ ስንዴው ነው። ጣሊያን ውስጥ ደረቅ ፓስታ ከዱረም ስንዴ ብቻ እንዲሠራ ከ1967 እ.ኤ.አ. ጀምሮ በሕግ ተደንግጓል። ዱረም ጠንካራ ነው፤ ቢቀቀልም ቅርጹን ይይዛል። እኛ የምንገዛው ብዙ ጊዜ የዳቦ ስንዴ ዱቄት የተቀላቀለበት ነው። ዱረም ደግሞ ለእኛ እንግዳ አይደለም። ኢትዮጵያ የዱረም ዝርያ ከሚበዛባቸው የዓለም አገሮች አንዷ ናት፤ ሩሲያዊው ሳይንቲስት ኒኮላይ ቫቪሎቭ በ1927 እ.ኤ.አ. እዚህ ድረስ መጥቶ ዘር የሰበሰበው ለዚህ ነበር። ደብረ ዘይት ያለው የግብርና ምርምር ማዕከል ስንት ዓመት የለፋበት ሰብል ነው። እዚያው ዙሪያ ያለው የአድአ ገበሬ የሚያበቅለውን ስንዴ እኔ ድስት ውስጥ ሳላገኘው ስቀር ያመኛል። እውነቴን ነው፣ ያመኛል።

ያን ማታ ማካሮኒው ገና 5 ደቂቃ እንደፈላ መብራት ሄደ። ሰፈሩ ሁሉ ድርግም አለ። ይህ ሲሆን ምን እንደሚያደርግ የማታውቅ የከተማ ሴት ያለች አይመስለኝም፤ ድስቱን እንደከደነች ቆማ ታዳምጣለች። ይመጣል፣ አይመጣም። የስልኬን መብራት አብርቼ አንዷን ማካሮኒ አወጣሁና በጥፍሬ ቆረጥኳት። ውጪዋ ነጭ ለስላሳ ሆኗል፤ መካከሏ ላይ እንደ ኖራ የነጣ ጥሬ ነጥብ አለ። ፓስታ በበረደ ውሃ ውስጥ ሲቆይ ያ ነጥብ አይበስልም፤ ውሃ እየጠጣ ያብጣል እንጂ። ብጠልለው ጥሬ ነው፤ ብተወው ይላሽቃል። ሲሊንደሬ ካለቀ ወር ሆኖታል፤ መሙላቱም ዋጋው የሚቀመስ አይደለም። በረንዳ ላይ ከሰል አያይዤ እስኪፋፋም ስንት ሰዓት እንደፈጀ አልቆጠርኩም። ትልቋ ልጄ የስልኩን መብራት ይዛልኝ ቆማ ነበር፤ የቤት ሥራዋን ሳትጨርስ።

ቱናው ተራውን ሲጠብቅ ቆይቷል። አብዛኛው የቱና ጣሳ በባሕር ተጭኖ ከሩቅ ምሥራቅ ይመጣል፤ በታሸገ ቱና ንግድ ታይላንድን የሚቀድም አገር የለም። ባሕር ለሌለው አገር ይህ ሁሉ መንገድ በዶላር ነው የሚከፈለው፤ ሐምሌ 2016 ዓ.ም. የብር ምንዛሪ በገበያ ይወሰን ከተባለ ጀምሮ 57 ብር ገደማ የነበረው ዶላር ብዙ ሳይቆይ ከ100 ብር አለፈ፤ ቱናም አብሮ ወጣ። ድሮ የጾም ማምለጫ ብለን በየጓዳው የምናስቀምጠው ነበር። አሁን ባለሱቁ ከኋላው ካለው መደርደሪያ እያነሳ «እህቴ፣ ይህ የድሮ ዋጋ ነው፣ ውሰጂው፤ ነገ አታገኚውም» ይለኛል። እወስዳለሁ። ጣሳው ላይ 160 ግራም ይላል፤ ዘይቱና ውሃው ሲጠፈፍ የሚቀረው 110 ግራም ገደማ ነው። ይህም ተጽፏል፤ ግን ከጎን፣ በደቃቅ ፊደል። አንዳንዱን ስትከፍቺው ዓሣው ቁራጭ ሳይሆን ፍርፋሪ ነው፤ ሹካ የሚይዘው ነገር የለም። እባካችሁ ደግሞ ያበጠ ጣሳ አትግዙ፤ ዋጋ ቢቀንሱላችሁም አትግዙ። ያበጠ ጣሳ ውስጡ የተበላሸ ነው፤ የሚያመጣው መመረዝ አይምርም። ይህን የምለው ወለል ላይ አቧራ ለብሶ፣ ጠርዙ ዝጎ ሲሸጥ ስላየሁ ነው።

የመክፈቻው ቀለበት ደግሞ አለ። በጨለማ ጣቴን ሰድጄ ሳብ ሳደርገው ቀለበቱ ብቻውን ተነቅሎ እጄ ላይ ቀረ። ክዳኑ ንቅንቅ አላለም። ጣሳ መክፈቻዬ ከጠመመ ቆይቷል፤ ሱቅ የሚሸጠው ሁለት ጣሳ ከፍቶ ይንሻፈፋል። እንደ ሁሉም ሰው ቢላዋ አነሳሁ። ጫፉን ክዳኑ ጠርዝ ላይ አቁሜ በመውቀጫ ዘነዘና ቀስ እያደረግኩ መታሁ፣ ትንሽ አዞርኩ፣ መታሁ። ዘይቱ ክንዴ ድረስ ፈሰሰ። የተቀደደው ቆርቆሮ እንደ ምላጭ ነው፤ ልጄን «ራቂልኝ» እያልኩ ነበር። ስንት እናት እንዲህ እጇ እንደተቆረጠ የሚነግረን የለም፤ ሁላችንም ግን ጠባሳው አለን። የእኔ ግራ አውራ ጣቴ ላይ ነው።

ማዮኔዙን ገና ድሮ ትቼዋለሁ። ማዮኔዝ የእንቁላል አስኳልና ዘይት ተመትቶ የሚሠራ ነው፤ በጾም አይበላም። ብዙ ቤት ይህን ሳያውቅ ቱና ስለሆነ ብቻ የጾም ነው ብሎ ይበላል፤ ማሸጊያው ላይ በአማርኛ የተጻፈ የለምና አልፈርድባቸውም። እኔ አንድ የበሰለ አቮካዶ በሎሚ ፈጭቼ፣ ሰናፍጭ በአቼቶ በጥብጬ፣ ዘይት ጠብ አድርጌ እለውሰዋለሁ። ቀይ ሽንኩርት በደቃቁ፣ ቃሪያ፣ ቁንዶ በርበሬ። ይህ ይጣፍጣል፤ ከማዮኔዙ ይልቅ ይጣፍጣል እላለሁ። ያን ማታ አቮካዶ አልነበረኝም፤ በጨለማ ወርጄ መግዛትም አልቻልኩም። በሎሚና በዘይት ብቻ አበላኋቸው። ትንሹ «እማዬ፣ ዓሣ ዓሣ ይሸታል» አለኝ። አንድ ሁለት ጎርሶ ተኛ።

የተረፈውን ለምሳ ዕቃ ብዬ ክዳን ባለው ሳህን ፍሪጅ ውስጥ አኖርኩት። ፍሪጅ መብራት ከሄደ በኋላ ሳይከፈት ቢቆይ ቅዝቃዜውን የሚይዘው 4 ሰዓት ያህል ነው፤ የእኔ ደግሞ ተከፍቷል። ዓሣ ያለበት ምግብ ከዚያ በላይ ቆይቶ ለልጅ አይሰጥም። መብራት የመጣው ከሌሊቱ 9 ሰዓት ላይ ነው፤ የፍሪጁ ሞተር ሲነሳ ነው የነቃሁት። ተነሥቼ ሳህኑን አወጣሁ። የመጥፎ ሽታ አልነበረውም። ቢሆንም አላመንኩትም፤ ልጆቼ ናቸው። ያ ሁሉ ውሃ፣ ያ ሁሉ ከሰል፣ በዚያ ዋጋ የገዛሁት ቱና፣ በፌስታል ቋጥሬ ቆሻሻ ውስጥ ጨመርኩት። ምሳ ዕቃቸው ውስጥ ዳቦ በማርማላታ አደረግኩ። ሳህኑን ለማጠብ ጀሪካኑን አነሳሁት፤ ቀሎ ነበር። ፈረቃችን ዓርብ ነው።